ዘይት የጠጣችው መርከብ

ወሬው የደረሰኝ ቀን የተማሪ ዩኒፎርም እየሰፋሁ ነበር። አሥራ ሁለት ኮሌታ ነበረብኝ፤ ሰባተኛው ላይ ደርሻለሁ። ልጄ የምትሠራበት ስቱዲዮ ኃላፊ ከአንዲት ሴት ጋር መጥቶ በሬ ላይ ቆመ። «ግቡ እንጂ» አልኳቸው። አልገቡም። ሰው ደጃፍ ድረስ መጥቶ ግባ ሲሉት የማይገባ ከሆነ ምን ይዞ እንደመጣ ልብ ያውቃል መሰለኝ፣ የስፌት መኪናዬን አላቆምኩም። ኮሌታውን ጨርሼ፣ ክሩን በጥርሴ በጥሼ፣ «በሉ ንገሩኝ» አልኩ። ከሌላ ከተማ ዘፋኞች ቀድታ ስትመለስ የተሳፈረችበት መኪና ተገልብጦ ነው። ሠላሳ አንድ ዓመቷ ነበር።

ልጄን ሰፈሩ ሁሉ ቃጭል ይላታል። ገና በዳዴ ሳለች ማንኪያ ከያዘች ድስቱንም፣ በሩንም፣ የእንግዳውንም ጉልበት ትመታ ስለነበር ነው። የወንድሜ ልጅ አብሯት አደገ፤ እናቱ ስትሞት በአራት ዓመቱ እኔ ጋ መጣ። ቅዳሜ ቅዳሜ ሁለቱም ጎረቤታችን ፀጉር ቆራጩ ዘንድ ሄደው ቴሌቪዥን ያዩ ነበር። የሚያዩት ተከታታይ ፊልም በከዋክብት መሃል የመመለሻ መንገድ ስለጠፋባት መርከብ ነው። ካፒቴን፣ ሐኪም፣ ምግብ አብሳይና ሞተረኛ አሏት፤ የወንድሜን ልጅ «ሞተረኛው» የምንለው ከዚህ የተነሳ ነው። አንድ ቅዳሜ መርከቧ ከአንድ ጥቁር ፕላኔት ጀርባ ገባች። በሚቀጥለው ቅዳሜ በእሷ ቦታ እግር ኳስ ታየ። ቤቷ ትግባ አትግባ የነገረን የለም። ልጆቹ በዚህ ነገር ሃያ ዓመት ተጨቃጨቁ። ሲያድጉ እሷ ግጥም ጸሐፊና ድምፅ ሠሪ ሆነች፤ እሱ ባሕር ማዶ ሄዶ ዜማ ይደርስ ጀመር። ከዚያ ያንን ፊልም በዘፈን የሚሄድ የሬዲዮ ድራማ አደረጉት፤ ዘጠኝ ክፍል። የመርከቧ ሞተር ድምፅ የእኔ የስፌት መኪና ነው።

ድራማውን ከሰማችሁት ብዙዎቻችሁ «በዘጠነኛው ክፍል ሞተሩ ለምን ተለወጠ?» እያላችሁ ትጠይቁኛላችሁ። በአንድ ቃል የሚመለስ ስላልሆነ የተጻጻፍናቸውን ደብዳቤዎች እንዳሉ አቅርቤያለሁ። የወንድሜ ልጅም ፈቅዷል።

*

ጥቅምት 4

ይድረስ ለተከበሩ አክስቴ፣

ከሁሉ አስቀድሜ የከበረ ሰላምታዬ ባሉበት ይድረስዎ። ጤናዎ እንዴት ነው? እኔ ፈጣሪ ይመስገን ደህና ነኝ። እርስዎን ያጽናዎ፤ የእሷንም ነፍስ በሰላም ያሳርፍልን። ቀብር ላይ ባለመገኘቴ ይቅርታ ያድርጉልኝ። ይህን ለመጻፍ አምስት ወር ዘግይቻለሁ፤ ምክንያት ብደረድር ውሸት ይሆንብኛል። በስልክ ልሞክረው ብዬ ቁጥርዎን ሦስት ጊዜ ጀምሬ ትቼዋለሁ።

አሁን የምጽፈው ስለ ሥራው ነው። ሬዲዮ ጣቢያው ስምንተኛውን ክፍል አስተላልፏል። የቀረው ዘጠነኛው ብቻ ነው። የቃጭል ግጥም ሁሉም አለ፤ የመጨረሻው ዘፈን ገጽ ብቻ ባዶ ነው። ለእሱ አንድ ነገር አስባለሁ። ሞተር ሳይኖረኝ ግን መጀመር አልችልም።

እንደሚያውቁት የእሷ ሕግ «አንድ ድምፅ ሁለት ጊዜ አይሠራም» የሚል ነበር። ለየክፍሉ አዲስ ጨርቅ ታሰፋዎት ነበር፤ መርከቧ ስትነሳ ጂንስ፣ ስትንሳፈፍ ሐር፣ ማዕበል ውስጥ ስትገባ ያ ወፍራሙ የሶፋ ጨርቅ። ለዘጠነኛው ማስታወሻዋ ላይ የጻፈችው «የሕፃን ልብስ፣ በቀስታ» ይላል።

ስለዚህ አክስቴ፣ አሥር ደቂቃ ያህል ቢሰፉልኝ? የስቱዲዮዋ ድምፅ ቀጂ መጥታ ትቀዳልኛለች። የመኪናዎ ያቺ «ሲጥ» የምትል ድምፅ ጥርት ብላ ትሰማ። እሷ ከሌለች መርከቧ መርከብ አይደለችም።

አክባሪዎ፣
የወንድምዎ ልጅ

*

ጥቅምት 25

ይድረስ ለልጄ ለሞተረኛው፣

ለጤናህ እንደምን አለህልኝ? እኔ ደህና ነኝ። ዕድሜና ጤና ይስጥህ፣ ያሰብከው ይሙላልህ፣ በወጣህበት ሁሉ ሰው አያሳጣህ። ምርቃቱ እዚህ ላይ ይብቃና ወደ ጠቡ ልግባ።

ከመቼ ወዲህ ነው እኔ «እርስዎ» የሆንኩት? አፍንጫህን በቀሚሴ ጫፍ እየጠረግኩ አሳድጌህ፣ ዛሬ ክፉ ቀን በመሃላችን ቢያልፍ «የተከበሩ አክስቴ» ትለኝ ጀመር? ቀብር አለመምጣትህን ቆጥሬ አልያዝኩትም። ሁለተኛ እንዲህ ብለህ ብትጽፍ ግን ደብዳቤህን ለፀጉር ቆራጩ የምላጭ መጥረጊያ እንዲሆነው ነው የምሰጠው።

ስልኩን በመተውህ ደህና አደረግህ። እኔም ድምፅህን ብሰማ አልችልም ነበር። ወረቀት ይሻላል፤ እጄ ዘገምተኛ ቢሆንም ወረቀት ይጠብቀኛል።

ወሬ ልንገርህ። ስምንተኛው ክፍል ሲተላለፍ ፀጉር ቆራጩ ሱቅ ነበርኩ። ምግብ አብሳዩ መርከቧ ላይ ለቀረችው ለመጨረሻዋ ሽንኩርት ሲዘፍንላት፣ ፀጉር ቆራጩ ምላጩን እንደያዘ እንባው መጣ። ወንበሩ ላይ የተቀመጠው ሰውዬ «እኔን ነው የምትላጨው ወይስ ሽንኩርቷን ነው የምትልጠው?» አለው። ሰው ሁሉ ሳቀ። እኔም ሳቅኩ። ከዚያ ቀን በፊት መቼ እንደሳቅኩ አላስታውስም።

የሰው ዘመድ ከባሕር ማዶ ገንዘብ ይልካል፤ የእኔው ደግሞ ባሕር ማዶ ቁጭ ብሎ ኳኳታ ላኪልኝ ይለኛል። ይሁን። ስለ ድምፁ አትጨነቅ፣ እልክልሃለሁ። መኪናዋም ደህና ናት። በጣም ደህና ናት። ሥራ ስለበዛብኝ ትንሽ ታገሠኝ።

አክስትህ

*

ኅዳር 17

አክስቴ የኔ እናት፣

ሰላምታዬ ይብዛልሽ፤ ምርቃትሽን ተቀብዬ አሜን ብያለሁ። «እርስዎ»ንም ጥያለሁ፤ ምላጩ ይቅርብኝ።

የላክሽው ድምፅ ደረሰኝ። ዓይኔን ጨፍኜ ሦስት ጊዜ ሰማሁት። አክስቴ፣ ይሄ የፀጉር ቆራጩ ወንበር ነው።

ልጅነቴን ሙሉ በየወሩ የተቀመጥኩበትን ወንበር የማላውቀው መስሎሽ ነው? ከፍ ሲል ሲጥ፣ ዝቅ ሲል ፍስስ ይላል። ደግሞስ አራተኛው ደቂቃ ላይ «ቀና በል አንተ፣ ጆሮህ ይቆረጣል» የሚል ሰው በደንብ ይሰማል። በከዋክብት መሃል እንዲህ የሚናገር ፍጡር እስካሁን አልተገኘም። እዚህ ላሉት ዘፋኞች አሰማኋቸው። ካፒቴኗን የምትጫወተው ሴትዮ ሳቋ አላቆም ብሏት ያን ቀን ሥራ ፈታን። ቁራጯን አላጠፋኋትም፤ ሲከፋኝ እሰማታለሁ።

ግን አክስቴ፣ ምን ሆነሽ ነው? መኪናዋ ተሰበረች? ሸጥሻት? አንቺ ነሽ የታመምሽው? እንዳትደብቂኝ። ጣቢያው ቀን ቆርጧል፤ የካቲት 20 ነው። እስከዚያ ካላደረስን ሰዓቱን ለሌላ ይሰጠዋል። መርከቧም ሁለተኛ ጊዜ ከዚያ ጥቁር ፕላኔት ጀርባ ገብታ ትቀራለች። የፊልሙ ደራሲ ፈቃድ ሲሰጠን በሚንቀጠቀጥ እጁ የጻፈልንን ታስታውሻለሽ? ቃጭል አንብባልሽ ነበር። «መጨረሻውን እኔም አላውቀውም፤ ከደረሳችሁበት ንገሩኝ። ምግብ አብሳዩን ብቻ እንዳትገድሉብኝ» ነው ያለን። ሽማግሌው እየጠበቀ ነው።

ሞተረኛው

*

ታኅሣሥ 15

ይድረስ ለልጄ፣

ሰላምታዬና ምርቃቴ እንደ ወትሮው ነው። ዛሬ ማሳጠር አለብኝ፤ አለዚያ አልጽፈውም። ሦስት ጊዜ ጀምሬ ቀድጃለሁ። ያዘገየኝ እሱ ነው።

መኪናዋ አልተሰበረችም። ዳነች፤ ችግሩ መዳኗ ነው።

ወሬው በመጣ ቀን ኮሌታ እየሰፋሁ ነበር። ከዚያ በኋላ እግሬን ፔዳሉ ላይ ባሳረፍኩ ቁጥር ያቺ ሲጥታ ያንን ኮሌታና ያንን በር ይዛብኝ ትመጣለች። ሦስት ወር ቻልኩት። ከዚያ መኪና ጠጋኙን ጠርቼ «ይህቺን ነገር ዝም አሰኝልኝ» አልኩት። ፈታታት፣ ጠረጋት፣ ዘይት አጠጣት፣ ቀበቶዋን በአዲስ ቀየረላት። አሁን እንደ ድመት ነው የምትራመደው። ሳስጠግናት የልጄ መርከብ መሆኗ በጭራሽ ትዝ አላለኝም። የስፌት መኪና ብቻ መሰለችኝ።

ደብዳቤህ ሲደርሰኝ ክው አልኩ። ጠጋኙን መልሼ ጠራሁት።

«መልሰህ አሳምማት» አልኩት።

«ምን አልሽኝ እትዬ?»

«እንደ ድሮዋ ሲጥ እንድትል አድርጋት።»

ሐዘኑ ራሷ ላይ ወጣ ብሎ መሰለኝ፣ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «እትዬ፣ እኔ ሠላሳ ዓመት ስጠግን ነው የኖርኩት። ጤነኛ አላሳምምም፤ ግፍ ነው» አለኝ።

ምክንያቱን ስነግረው ግን መሬት ላይ ቁጭ አለ። ለካ እሱም ድራማውን አንድ ክፍል ሳያልፈው ይሰማ ኖሯል። ለሚስቱ በየሳምንቱ «ይህቺ መርከብ ዘይት ያስፈልጋታል፣ ካፒቴኗ ሰነፍ ናት» ይላት ነበር። ከዚያ ሁለታችን ዘይቱን በጨርቅ ጠረግን፣ በሳሙና ውሃ አጠብን፣ አሮጌውን ቀበቶ ከቆሻሻ መሃል ፈልገን መለስንላት። አንድ ጊዜ እንደ ፍየል ጮኸች። አንድ ጊዜ እንደ ሰው አስነጠሰች። ሲጥ ግን አላለችም። ፀጉር ቆራጩ በመስኮት ሲያየን ቆይቶ «የእኔ ወንበር ምን አደረገ?» አለ። «ልጁ ከዚያ ሁሉ ርቀት አያውቅብንም» ብሎ ያሳመነኝም፣ በስልኩ የቀዳልኝም እሱ ነው። ደንበኛውን «ትንፍሽ እንዳትል» ብሎ አስጠንቅቆት ነበር፤ የተናገረው ራሱ ነው።

ይኸው ነው። አፈሩን የመለሱባት ሌሎች ናቸው፤ ድምፅዋን የዘጋሁት ግን እኔ ነኝ። አሁን የምጠይቅህ አንድ ነገር ነው። የድሮውን ቅጂ ደግመህ መሥራት አትችልም? ሕጓን ብናፈርስ ትቆጣብናለች?

አክስትህ

*

ጥር 10

አክስቴ፣

እንደምን ከርመሽልኛል? ይህን ሁሉ ለብቻሽ ይዘሽ መክረምሽ ነው ያሳዘነኝ። ዘይት በመቀባትሽ የሚቆጣሽ የለም። እሷማ ስለ ፍየሏ ብትሰማ «የታለ? ቀዱልኝ» ነበር የምትለው።

እኔ ግን ከዘይት የከፋ ነገር ይዣለሁ። አንቺ እውነቱን ከነገርሽኝ እኔም ልንገርሽ።

ከመሞቷ ስድስት ቀን በፊት በስልክ ተጣልተን ነበር። የተጣላነው በዚያው በፈረደበት በመጨረሻው ክፍል ነው። እኔ መርከቧ ቤቷ ትግባ አልኩ። እሷ ደግሞ «ከገባች አበቃላት፤ እየሄደች ትቅርና ሰው ተስፋ እያደረገ ይኑር» አለች። ከቤት ርቄ ስለምኖር ነው መሰለኝ ነገሩ ነካኝ። «እንግዲያው አንቺም እዚያው ሰማይ ላይ ቅሪ» አልኳትና ስልኩን ዘጋሁባት። ከዚያ በኋላ የሰማሁት ወሬውን ነው።

ቀብር ያልመጣሁት ትኬት አጥቼ አልነበረም። በምን ፊቴ አጠገብሽ እቆማለሁ ብዬ ነው። «እርስዎ» ያልኩሽም ለዚያ ነው፤ የማታውቂው ሰው ብሆን መረጥኩ።

አሁን ሞተር የለም፣ የመጨረሻው ገጽም ባዶ ነው። በእኔ በኩል ሳምንቱን ሙሉ ወረቀት ፊት ተቀምጬ አንድ ቃል አልወጣኝም። ለጣቢያው አንጨርስም ብዬ ልጽፍላቸው ነው። እሷ እንዳለችው እዚያው ትቅር።

የወንድምሽ ልጅ

*

ጥር 18

አንተ ቂል፣

ዛሬ ሰላምታም ምርቃትም የለም፤ በኋላ ይከፈልሃል። ደብዳቤህን ያነበብኩት ትናንት ነው፤ ይኸው በማግሥቱ እየጻፍኩ ነው። ለጣቢያው አንዳች እንዳትጽፍ። ጽፈህ ከሆነም ተሳስቼ ነው በላቸው።

ስልኩን የዘጋህባት ጊዜ ልጄ የት የነበረች ይመስልሃል? አጠገቤ ነበረች። ቁልፍ እየተከለችልኝ ነበር። ስልኩን አየችው፣ እኔን አየችኝ፣ ሳቀች።

«ምን አለሽ?» አልኳት።

«ሰማይ ላይ ቅሪ አለኝ» ብላ ሆዷን ይዛ ተንፈቀፈቀች። «እማዬ፣ መስመሯ እንዴት ታምራለች! ከአፉ ነጥቄ ግጥም አደርጋታለሁ።»

«ልጁ ተቆጥቷል እኮ» አልኳት።

ያለችኝን ቃል በቃል ልንገርህ። «አንድ ሳምንት ላኩርፈው። ከዚያ መርከቧን ቤቷ ያግባ፤ እፈቅድለታለሁ። ግን የመጨረሻውን ዘፈን ራሱ ሞተረኛው ይዘፍናታል። ሌላ ዘፋኝ አላመጣለትም።»

«ያ ድምፁ?»

«እሱ ነዋ ቅጣቱ» አለችና ቁልፉን ገልብጣ ተከለችው። ሸሚዙ ዛሬም አለ፤ አላረምኩትም።

ለምን እስከ ዛሬ ዝም አልሽ ትለኝ ይሆናል። የሁልጊዜው ጨዋታችሁ መስሎኝ ነው። እናንተ ስትጣሉ ሃያ ዓመታችሁ፤ የትኛውን ጠብ ልያዝ? በዚህ የተነሳ ጨለማ ውስጥ እንደተቀመጥክ በምን ልወቅ? ኩርፊያዋ ሊያልቅ አንድ ቀን ነበር የቀረው ልጄ። አንድ ቀን ብቻ።

ስለ ሞተሩ እኔና ጠጋኙ ተመካክረናል። እኔ ድራማ አላውቅም፣ መኪና ግን አውቃለሁ። ስምንት ክፍል ሙሉ ሲጥ ስትል የኖረች መኪና በዘጠነኛው ዝም ካለች፣ አንድ ሰው ዘይት ቀብቷታል ማለት ነው። መርከቧ ላይ ዘይት ያለው ማን ነው? ምግብ አብሳዩ ነው። ሽንኩርቷ ካለቀች ወዲህ ዘይቱን ምን ይሠራበታል?

ስቀህ ከሆነ ጀምር።

አክስትህ

*

የካቲት 5

አክስቴ የኔ እናት፣ የመርከቧ ባለቤት፣

እጅ ነሥቻለሁ። ደብዳቤሽን በሥራ ቦታዬ ደረጃ ላይ ቆሜ አነበብኩት። ያለቀስኩት «ቁልፉን ገልብጣ ተከለችው» የሚለው ላይ ነው። የሳቅኩት ደግሞ ሽንኩርቷ ላይ ነው። የሚያልፉት ሰዎች የትኛውን እንዳዩ አላውቅም።

ዘፈኑ በሁለት ቀን አለቀ። እንዲህ ነው የሚሄደው፦ መርከቧ ከጥቁሩ ፕላኔት ጀርባ ትወጣለች፤ ሞተሩ እየተንገዳገደ ነው። ምግብ አብሳዩ የመጨረሻዋን የዘይት ጠርሙስ በሁለት እጁ አቅፎ ይመጣና ሞተረኛው እጅ ላይ ያኖራታል። «ምን ልጠብስበት ብለህ ነው፣ ውሰደው» ይለዋል። ሞተረኛው ሞተሩን ያጠጣዋል። ጸጥ ይላል። ሁሉም ይደነግጣሉ። ካፒቴኗ «ሞተ?» ትላለች። እኔ «አይ፣ ዳነ» እላለሁ። ከዚያ እዘፍናለሁ። ፈጣሪ ይርዳን። ከብዙው ጥቂቱ ይኸው፦

ዘይቷን ጠጥታ ዝም አለች መርከቧ፣
ሲጥታዋ ቀርቶ ሰላም አለው ልቧ።
ሰማይ ላይ ቅሪ ያልኩሽ፣ አፌ ነው እንጂ አይደል ልቤ፤
ደጁ ላይ መብራት አለ፣ እንግባ፣ ነይ ካጠገቤ።

ስዘፍን ካፒቴኗ ፊቷን በወረቀት ሸፈነች። እዚህ ያለው ድምፅ ቀጂ በመስታወቱ ማዶ «ልክ ነው፣ ሰው ሞተር ሲጠግን እንዲህ ነው የሚዘፍነው» አለኝ። ሙገሳ መሆኑን እስካሁን አላወቅኩም።

አሁን ሁለት ነገር እፈልጋለሁ። አንደኛው፣ የዳነችው መኪናሽ ድምፅ፤ የሕፃን ልብስ፣ በቀስታ፣ ልክ እሷ እንደጻፈችው። ሁለተኛው ያንቺ ድምፅ ነው። እምቢ እንዳትዪኝ። መርከቧ መሬት ስትቃረብ በሬዲዮ «ከሩቅ የመጣን ነን፤ ደጃችሁ ላይ ነን» ትላለች። ከመሬት የሚመልስላት አንድ ሰው ያስፈልጋል። ምን እንደሚል አልጻፍኩትም። በርሽ ላይ ለቆመ ሰው የምትዪውን በይ።

ልጅሽ ሞተረኛው

*

የካቲት 22

ይድረስ ለልጄ ለሞተረኛው፣

ያስቀረሁብህን ምርቃት ዛሬ ልክፈልህ። ዕድሜህ ይርዘም፤ እጅህ የነካው ሁሉ ዜማ ይሁን፤ ልጅ ውለድ፣ እንዳንተ ድምፁ አይሻክር።

ስለ ቀረጻው ልጀምር። ድምፅ ቀጂዋ ስትመጣ አየኋት፤ ሆዷ ገፋ ብሏል። «ስንት ወርሽ ነው?» አልኳት። «ሰባት» አለች። ቃጭል እርግዝናሽን ታውቅ ነበር ወይ ልላት ብዬ፣ ወሩን በልቤ ስቆጥር እንደማትችል ገባኝና ተውኩት። የሰፋሁት የእሷን ሕፃን ልብስ ነው፤ ነጭ፣ እጀታው ከጣቴ ብዙም የማይበልጥ። አሥር ደቂቃ አልኸኝ፤ ልብሱ እስኪያልቅ ሃያ አምስት ደቂቃ ሰፋሁ። እግሬ ፔዳሉ ላይ ነበር፣ ያ ኮሌታም መጣ፣ ግን አለፈ። ስጨርስ ልጅቷ ማይኩን እንደያዘች ግድግዳ ተደግፋ እንቅልፍ ወስዷት ነበር። እርጉዝ የሚያስተኛ ሞተር ካገኘህ ሌላ ምን ትፈልጋለህ?

የካቲት 20 ከሰዓት በኋላ ፀጉር ቆራጩ ሱቁን ዘግቶ ሬዲዮኑን ይዞ እኔ ቤት መጣ። ጠጋኙ ከነሚስቱ መጣ። ወንበር ስላነሰ ሰው ጨርቅ ጥቅል ላይ ተቀመጠ። ሞተሩ ጸጥ ሲል የጠጋኙ ሚስት «ውይ» አለች። ጠጋኙ ግን ተነሥቶ ቆመ። «ሰማችሁ? ይሄ የእኔ ሥራ ነው። ቀበቶው አዲስ ነው» አለ። ካፒቴን ቢሆን ከዚህ በላይ አይኮራም።

ከዚያ አንተ ዘፈንክ። አልዋሽህም። ፀጉር ቆራጩ «የዚህንስ ጉሮሮ ማን ዘይት ይቀባው?» አለ። ሁለተኛው ስንኝ ላይ ግን እሱው ሬዲዮኑን ከፍ አደረገው። «ሰማይ ላይ ቅሪ» ስትል ልጄ አጠገቤ ቁልፍ እየተከለች የሳቀችውን ሳቅ ሰማሁት። መስመሯ እንዳለችው ታምራለች።

መርከቧ «ደጃችሁ ላይ ነን» አለች። ሬዲዮኑ ጥቂት ተንሿሿ። ቀጥሎ አንዲት አሮጊት ድምፅዋን ከፍ አድርጋ «ግቡ እንጂ» አለች። እኔ መሆኔን ለማወቅ ጊዜ ወሰደብኝ። ፀጉር ቆራጩ ብድግ ብሎ በሬን ከፈተው። እስከ መጨረሻው ሙዚቃ ድረስ ክፍት እንደሆነ ቆየ፤ በመንገድ የሚያልፉ ሁለት ሴቶችም ገብተው ሰሙ።

ሁሉም ሲሄዱ ጠጋኙ ወደ ኋላ ቀረት አለ። መኪናዋን በመዳፉ መታ መታ አደረጋትና፣ «እትዬ፣ ዘይት ይደርቃል። ካልነካናት በሁለት ዓመት፣ ቢበዛ በሦስት ዓመት ያቺ ሲጥታ ራሷ ትመጣለች» አለኝ።

«ስትመጣ አልጠራህም» አልኩት።

እንግዲህ ልጄ፣ ከአንተ ገንዘብ አልጠየቅኩህም፣ ዕቃ አልጠየቅኩህም። አንድ ነገር ግን ልጠይቅህ። ያን ቃል በሬዲዮ ያልኩት ለመርከቧ ብቻ አይደለም።

አክስትህ

*

ለዚህ ደብዳቤ መልስ አልጻፈም፤ መልሱ በሩ ላይ ቆሞ አገኘሁት። ሻንጣውን በእጁ እንደያዘ «አክስቴ» አለኝ። እኔም የምለውን አልኩት። እሱ ገባ።

ወደ መቃብሯ አብረን ሄድን። እዚያ ያለውን አለ፤ እኔ ትንሽ ራቅ ብዬ ስለቆምኩ አልሰማሁትም። ስንመለስ ፀጉር ቆራጩ ጋ ጎራ ብሎ ተቆረጠ። ወንበሩ ሲጥ አለ፤ «ቀና በል አንተ» ሲባልም ሰማሁ። ይህን ስጽፍ የፊደል ግድፈቴን እያረመ ጎኔ ተቀምጧል። የድምፅ ቀጂዋ ልጅ ተወልዳለች፤ ነጩ ልብስ በአንድ ወሯ ጠበባት። ከአዛውንቱ ደራሲም ሁለት መስመር ደርሶናል፦ «ገባች ማለት ነው። ምግብ አብሳዩ ስለተረፈ አመሰግናለሁ።»

ይህን ያነበባችሁ፣ ድራማውንም የሰማችሁ ሁሉ፣ እኔ ከእናንተ የምለምነው ጥቂት ነው። ስሟን አታውቁትም፤ ፈጣሪ ያውቀዋል። ቃጭል ብትሏትም ይበቃል። የስፌት መኪና ስትሰሙ፣ ሲጥ የሚል በር ወይም ወንበር ስትሰሙ፣ እባካችሁ ለአንድ አፍታ ቆም በሉና ስለ ልጄ ነፍስ ጸልዩልኝ። የምትሄድበት ደጅ ስትደርስ የሚቀበላት ሰው «ግቢ እንጂ» እንዲላት ለምኑልኝ።